የሚስተር ዉ የመጨረሻ ሦስት ደቂቃ

ንጋት 12 ሰዓት፣ ደብረ ማርቆስ

የሠርግ ቪዲዮ ቀራጩ እኔ ዛሬ የፊልም ሰው ረዳትና አስተርጓሚ ሆኜ መኪና ላይ ወጥቻለሁ። ደስታው ቁርሴን አስረሳኝ። ሚስተር ዉ ቻይናዊ ናቸው፤ በአገራቸው አርባ ዓመት ሙሉ ፊልም ቀርጸዋል። የጀመሩት መብራት ተሸካሚ ሆነው ነው፤ ካሜራ ከያዙ ወዲህ ግን መብራት አያስበሩም፣ የፀሐይን ደጅ ይጠናሉ። ፊልሞቻቸውን ቪዲዮ ቤት አይቻለሁ። ስክሪኑን ከዳር እስከ ዳር አንድ ቀለም ይሞላዋል፤ በመሃሉ ሌላ ቀለም የለበሰ አንድ ሰው ይቆማል። ታሪኩ ባይገባኝም ቀለሙ ሳምንት ሙሉ ከዓይኔ አይጠፋም ነበር።

ነገ ወደ አገራቸው ተመልሰው ጡረታ ይወጣሉ። የቀረቻቸው አንዲት ጥቅል ፊልም ናት፤ ሦስት ደቂቃ ብቻ ትቀርጻለች። በእሷ የደረሰ ጤፍ በነፋስ ሲተኛና ሲነሣ መቅረጽ ይፈልጋሉ። ማሳውን ባለፈው ሳምንት ይጁቤ አጠገብ፣ አቶ አንለይ ከሚባሉ ገበሬ ዘንድ አግኝተናል።

ረፋድ 3 ሰዓት፣ ይጁቤ

አቧራ፣ የተጫነ አህያ፣ ገበያተኛ። ቀይ ጃንጥላ ባለፈ ቁጥር ሚስተር ዉ መኪና ያስቆማሉ። ሹፌራችን ጌታሁን፣ ሰውዬው በእግራቸው ቢመጡ ይቀድሙን ነበር ብሎ በጆሮዬ አማቸው። ፍርፍር በላን። ሚስተር ዉ ቃሪያውን ፊታቸውን ሳያጨማድዱ ጨርሰው ሌላ አስጨመሩ፤ ጌታሁንም ከዚያ ወዲያ አላማቸውም።

4 ሰዓት ተኩል፣ አቶ አንለይ ማሳ

ማሳው ባዶ ነው! የታጨደ ቅሪት ብቻ። አውድማው ላይ ከቤታቸው የሚበልጥ የጤፍ ክምር ቆሟል። አቶ አንለይ እየሣቁ ተቀበሉን። እንግዳ ይመጣል ብለው አገሩን በደቦ ጠርተው በሁለት ቀን አሳጭደውታል።

«የቆመ እህልማ ምን ይታያል ልጄ? የበረዶና የወፍ ነው» አሉኝ። «የእኔ የሚባለው ሲከመር ነው።»

ጥፋቱ የእኔ ነው፤ እንግዳው ሊቀርጽ ይመጣል አልኩ እንጂ ጤፉ ሳይታጨድ ይቆየን አላልኩም። የገበሬ ልጅ ሆኜ ይህ እንዴት ይጠፋኛል?

እየተንተባተብኩ ተረጎምኩ። ሚስተር ዉ ክምሩን አንድ ጊዜ ዞሩት። ከዚያ ሆዳቸውን ይዘው ሣቁ። ካሜራውን አስጠግተን ተከልነው፤ በማያ ቀዳዳው ሲታይ ሰማይም መሬትም ጠፍቶ የክምሩ ወርቅ ቀለም ብቻ ቀረ። የአቶ አንለይን ባለቤት፣ ወይዘሮ ጥሩን፣ በአረንጓዴ ቀሚሳቸው ክምሩ ሥር እንዲቆሙ ለምንልኝ አሉኝ። ደስታዬ ሊያስጮኸኝ ደረሰ፤ ያ የቪዲዮ ቤቱ ቀለም ፊት ለፊቴ ነበር።

ሁለት ደቂቃ ቀረጹ። በሦስተኛው ሚስተር ዉ ዘወር አሉና፣ ካሜራው እየሠራ፣ አቶ አንለይን በምልክት ጠርተው በቀዳዳው አሳዩአቸው። አቶ አንለይ ዓይናቸውን ቀዳዳው ላይ ተከሉ። ወይዘሮ ጥሩ አፍረው ሊሄዱ ሲሉ፣

«ጥሩ፣ ቁሚ እስቲ» አሉ ባልየው ቀስ ብለው፤ «ገና አላየሁሽም።»

ፊልሙ አለቀ። ሚስተር ዉ፣ አቶ አንለይ ምን እንዳሉ ጠየቁኝ፣ ነገርኳቸው። ካሜራውን በጨርቅ እየጠቀለሉ፣

«እኔም አርባ ዓመት ካሜራ ይዤ ለማየው ሁሉ የምለው ይህንኑ ነበር» አሉ።