ያለፈችውም የወደቀችውም ኔትራቫቲ

ሕንድ አገር፣ ዳርዋድ ከተማ ውስጥ፣ በእኛ ሰፈር፣ ሒሳብ የከበደው ልጅ ሁሉ የሚላከው ወደ ጓደኛዬ ወደ ኔትራቫቲ ነው። ስለዚህ በመጨረሻው የዩኒቨርሲቲ ዓመቷ በስታቲስቲክስ ወደቀች ሲባል ቀድማ የሳቀችው እሷው ራሷ ነበረች።

"የሌላ ሰው ውጤት ነው የሰጡኝ" አለች።

የሷው ነበር። ወረቀቷ እንደገና እንዲታረም አመለከተች። ወራት አለፉ፤ በጠየቀች ቁጥር መልሱ "እየታየ ነው" ሆነ። በዚህ መሀል የድጋሚ ፈተናው ደረሰ። ብትፈተን ውድቀቷን ያመነች መሰላት፤ ብትቀር ደግሞ ዓመቱ ሊያመልጣት ነው።

አባቷ ባሳፓ የአውቶቡስ ሹፌር ነው። "ተፈተኚ ልጄ" አላት። "አውቶቡስ የዘገየበት ሰው በእግሩም ይሞክራል።"

ልቧ ሳይሰበሰብ ተፈተነች። ወደቀች።

ያኔ ነው ጠበቃ ሱናንዳ ዘንድ የሄደችው።

"ዳኛ ማርክ አይጨምርልሽም" አለቻት ሱናንዳ። "እርማቱን ጨርሳችሁ አሳውቁ ብሎ ሊያስገድዳቸው ግን ይችላል። የምንጠይቀውም ይሄንኑ ብቻ ነው።"

ከፍተኛው ፍርድ ቤት እንደዚያው አዘዘ። ውጤቱም ወጣ፤ መጀመሪያውኑ አልፋ ኖሯል። ባሳፓ ፔዳ የሚባለውን የወተት ጣፋጭ ገዝቶ ለጎረቤት ሁሉ አደለ። ጣፋጩን ገና እያላመጥን ኔትራቫቲ ከሬጅስትራር ተመለሰች፤ ፊቷ ቅጭም ብሏል።

"ምን አሉሽ?" አልኳት።

"አልፈሻል አለኝ ጸሐፊው። ዲግሪዬን ስጠኝ አልኩት። ድጋሚ ስለተፈተንሽ የሚጸናው የኋለኛው ነው፣ ወድቀሻል አለኝ። አላለፍኩም እንዴ ስለው፣ አልፈሻል እንጂ አለኝ። ታዲያስ? ስለው፣ ወድቀሻል!"

ባሳፓ ሁለታችንንም አየን። "ቆይ፣ ጣፋጩን ልመልስ ወይስ ምን ላድርግ?"

እንደገና ፍርድ ቤት ሄድን። ዳኛዋ የዩኒቨርሲቲውን ጠበቃ አንድ ነገር ጠየቁት።

"እርማቱ በጊዜው ቢደርሳት ኖሮ ይቺ ልጅ ድጋሚ ትፈተን ነበር?"

"አትፈተንም ነበር፣ ክብርት ዳኛ።"

"እንግዲያው እናንተ ስለዘገያችሁ እሷ አትቀጣም።"

የመጀመሪያው ወረቀት እርማት ጸና፤ ዲግሪዋንም ሰጧት። ልትገባበት ያሰበችው የመምህራን ማሠልጠኛ ምዝገባ ግን ተዘግቶ ስለነበር ለቀጣዩ ዓመት ተላለፈች።

የፍርዱ ቀን ከፍርድ ቤት ስንወጣ ባሳፓ ሱናንዳን "አሸነፍን አይደል መዳም?" አላት።

"በሚገባ እንጂ!"

ኔትራቫቲ ከጎኔ ትራመድ ነበር። አውቶቡስ ፌርማታ ስንደርስ ክንዴን ያዘችኝ።

"ማለፌስ ይሁን፣ ገባኝ" አለች። "ሁለተኛውን ለምን ወደቅኩት? እሱንም ያረመው ተሳስቶ ይሆን? ወይስ የእውነት አልቻልኩትም?"

አውቶቡሱ መጣና ተሳፈርን።