ሚስቴን ያመጣልኝ «እንግዲህ»

ኧረ ተዉኝ! ውሸት ነው የምትሉ ሁሉ መጀመሪያ ስሙኝ። «ሽማግሌዎቹ ናቸው ያጋቡህ» አላችሁ፤ እሺ። «የአባትህ መሬትና በሬ ነው» አላችሁ፤ ይሁን። «ልጅቷ ራሷ ወዳህ ነው» ያላችሁም አላችሁ፤ እሱስ እውነት ነው፣ የኔን መልክ ጠልቶ የሚኖር ሰው አላየሁም። ግን እኮ የዋናውን ባለውለታ ስም አንዳችሁም አልጠራችሁም። እኔን የዳረኝ ቃል ነው። ቃል ስላችሁ ደግሞ ትልቅ ቃል እንዳይመስላችሁ። «እንግዲህ» ነው። እሱና «ታዲያ» ባይኖሩ ዛሬም ሞላሌ ገበያ ላይ ወንደላጤ ሆኜ በግ ሳሻሽጥ ታገኙኝ ነበር።

በግ ማሻሻጡንስ አሁንም አልተውኩም። ደላላ ነኝ፣ ያውም የሞላሌ አንደኛ። አራተኛ ክፍል ድረስ ተምሬ «ይበቃኛል» አልኩ፤ አስተማሪውም «ለኔም ይበቃኛል» አለ። ቀሪውን ገበያው አስተማረኝ።

ሰው ሁሉ ጆሮው ዋጋው ላይ ነው። የኔ ጆሮ ግን ከዋጋው ፊት ፊት በምትመጣው ትንሽ ቃል ላይ ነው። ገዢ «ለመሆኑ ይቺ በግ ወልዳ ታውቃለች?» ካለ ይገዛል። «ለመሆኑ» ያለ ሰው በልቡ በጓን ቤቱ አድርሶ አስሯታል። «ጥሩ ናት፣ ግን…» ካለ ገና ነው፣ አብራችሁት ቁሙ። «ለማንኛውም ዞር ዞር ልበል» ካለ ግን ሄዷል፤ ተከትላችሁ አትድከሙ። «ኧረ ባክህ!» ሲል የተቆጣ እንዳይመስላችሁ፤ ዋጋው ጥሞት መሳቁን ሊደብቅ ነው። ሻጭም እንደዚሁ ነው። «ሙክት እኮ ነው፣ ገብስ የበላ እኮ ነው» እያለ «እኮ» ያበዛ ሻጭ ራሱም አላመነበትም። «በል እንግዲህ» ያለ ጊዜ እጅህን ዘርጋ፣ አለቀ።

ሰዉ እነዚህን ቃላት ገለባ ይላቸዋል። ገለባ ይሁኑ! ገለባ ሳይባል በፊት የገብሱን ፍሬ ተሸክሞ ያቆመው ማን ሆነና?

ብቻ ወደ ነገሬ ልመለስ። ልጅቷ ከሞላሌ ወዲያ፣ ከወንዙ ማዶ ካለው ቀበሌ ናት። ከአባቷ ጋር በግ ሊሸጡ ሲመጡ አየኋት፤ ከዚያ ቀን ጀምሮ የአባቷን በግ ያለ ድለላ ገንዘብ አሻሻጥኩ። ይህን ያደረገ ደላላ በአገሩ ታይቶ አይታወቅም። አንድ ቀን ውሃ መቅጃው ጋ ጠብቄ ሽማግሌ ልልክ መሆኑን ነገርኳት።

«አባቴ የሰጠኝን ነው የማገባው» አለች።

«እኔንስ?»

«አንተ ደግሞ ቅደማ!»

ለካ ሌላም አለ። መሐል ሜዳ ከተማ ሱቅ ያለው ሰውዬ ለፋሲካ ማግስት ሽማግሌ ሊልክ አሰናድቷል። አባትየው ከዚያ በፊት የሁለት ሰው ሽማግሌ መልሰዋል። እኔን ከመለሱ እሷ ወደ ሱቁ ሄደች ማለት ነው፤ እኔ ደግሞ በግ ስጎትት ቀረሁ።

አባትየው ነገር አዋቂ ናቸው። ለአንዲት የድንበር ድንጋይ ስንት ዓመት ተሟግተው፣ ሲያሸንፉ ደስ በማለት ፈንታ ክርክሩ ስላለቀባቸው ያዘኑ ሰው ናቸው። እሳቸው ፊት የሚቆም ሽማግሌ ምላስ ያለው መሆን አለበት። የንስሐ አባታችንን ለመንኩ፤ እሺ አሉኝ። ሁለተኛው ዕድሜውን ሙሉ «እውነት ነው» ከማለት በቀር ሌላ ሲናገር ያልሰማነው ጎረቤታችን ነው፤ እሱ ለግርማ ሞገስ ነው የተመረጠው። ሦስተኛው አጎቴ ነው። አጎቴ ያኔ የቀበሌ ሊቀመንበር ነበር። መናገሩን ለንስሐ አባታችን ልንተው ስንል «በስንት መድረክ የተናገርኩ ሰው እያለሁ?» ብሎ ተቆጣ።

እንግዲህ ዘመኑን አስታውሱ። ደርግ ከወደቀ ወዲህ ስብሰባው በዛ፤ ከስብሰባው ጋር አዲስ አነጋገር መጣ። ድሮ «እንግዲህ» ተብሎ የሚጀመረው «እንደሚታወቀው» ተባለ። «ታዲያ» የነበረው «ከዚህ አኳያ» ሆነ። «ስለዚህ»ም «በመሆኑም» የሚባል ካፖርት ለበሰ። አጎቴ ይህን ከአገሩ ሁሉ ቀድሞ ተማረ። አንድ ማታ ቤቱ ቁጭ ብዬ ሚስቱን «እንደሚታወቀው ርቦኛል፤ በመሆኑም እራት ይቅረብ» ሲላት በጆሮዬ ሰማሁ። እሷም «ከዚህ አኳያ ተነስና ራስህ አቅርብ» አለችው።

ክፋቱ ምን መሰላችሁ? ከዚህ አነጋገር ኋላ ሁልጊዜ የሚከተለው ዶማና አካፋ ነበር፤ የእርከን ሥራ። ገበሬው ስለለመደው «እንደሚታወቀው» ሲባል እጁ ሳያስበው ወገቡን ይይዛል።

ሽማግሌዎቹ በማለዳ ሄዱ፣ ውርጩ ሳሩ ላይ እንደ ጨው ነጭ ሆኖ ሳለ። እኔ ቤቴ መጠበቅ ነበረብኝ። ልጅ የሚጠየቅለት ሰው በዚያ ሰፈር ዝር አይልም፣ ነውር ነው። ግን ደላላ ነኛ! ዋጋ ሲነገር እንዴት ቤቴ እተኛለሁ? የበግ ጠጉር ባናዬን ተከናንቤ ከግቢያቸው የድንጋይ ካብ ኋላ ተጋደምኩ።

ሽማግሌዎቹ ደጃፉ ላይ ቆሙ።

«ኧረ ግቡ፣ ብርዱ አይቻልም» አሉ አባትየው።

«አንገባም፣ አንቀመጥም፤ ጉዳይ አለን» አሉ ቄሱ አባታችን። ወጉ እንደዚያ ነው፤ ሽማግሌ መልሱን ሳይሰማ አይቀመጥም። ግን ለእርከን የሚቀሰቅስ ሊቀመንበርም እንዲሁ ደጅ ላይ ቆሞ ነው የሚያወራው፤ ቄስም ለማግባባት ይዞ ይመጣል። እዚህ ላይ አጎቴ ጉሮሮውን ጠራረገ። እኔ ከካቡ ኋላ «‹እንግዲህ› በል፣ ‹እንግዲህ› በል» እያልኩ እጸልያለሁ።

«እንደሚታወቀው» አለ አጎቴ፣ «ወቅቱ ትልቅ ወቅት ነው። ከዚህ አኳያ እያንዳንዱ አባወራ የሚጠበቅበት ድርሻ አለ። በመሆኑም እኛ እርስዎ ደጅ ስንመጣ…»

«እውነት ነው» አለ ጎረቤታችን።

አባትየው አላስጨረሱትም። «ሚካኤልን! ዛሬ ያላችሁትን አልፈጽምም! በዚህ ጉልበቴ ነው እርከን የምወጣው? ሚካኤልን አልኩ!»

«ኧረ ስለ እግዚአብሔር!» አሉ አባታችን ደንግጠው። «እርከን ምን አመጣው? እኛ የመጣነው ለልጅዎ ነው!»

ከጓዳ አንድ ሸክላ ወድቆ ሲሰበር ሰማሁ፤ እሷ ናት፣ ስትሰማ ኖሯል።

«ለልጄ?» አሉ አባትየው። ድምፃቸው ወረደ። «ምነው ታዲያ ቀድማችሁ አትሉኝም? አሁንማ ማልኩ። ሚካኤልን ብዬ ቃሌን ልጠፍ?»

በኛ አገር በታቦት የማለ ሰው ከመሐላው የሚመለስ አይምሰላችሁ፤ ወንዝ ወደ ላይ ቢፈስ ይቀላል። አባታችን አንገታቸውን ደፉ። አጎቴም መሬቱን በበትሩ ይጭር ጀመር። ባለሱቁ ሰውዬ ዓይኔ ላይ መጣ። ከዚያ እግሬ ሳያማክረኝ ካቡ ላይ ወጣ።

«አባቴ! መሐላው አልያዘም!»

ሁሉም ዞሩ። አጎቴ ፊቱን በጋቢው ሸፈነ።

«ካቤ ላይ የወጣው ይሄ ደግሞ ምንድን ነው?» አሉ አባትየው።

«እሱ… ልጃችን እሱ ነው» አሉ አባታችን፣ ከሬሳ ቤት የሚወጣ በሚመስል ድምፅ።

«ሽማግሌ ልኮ ራሱም መጣ? ውረድ አንተ! ካቡን ትንደዋለህ!»

ወረድኩ፤ ካቡም አብሮኝ ትንሽ ወረደ። ግን አንዴ አፌን ከፍቻለሁ፣ ገበያው ተጀምሯል።

«ይቅርታ ያድርጉልኝ፣ እርስዎ የማሉት ‹ዛሬ ያላችሁትን› ብለው ነው። አጎቴ ምን አለ? ‹እንደሚታወቀው› አለ፤ ምን ታወቀ? ‹ከዚህ አኳያ› አለ፤ ከየት አኳያ? ‹በመሆኑም› አለ፤ ምን ሆነ? ገዢ ‹ለመሆኑ› ስላለ ብቻ በጓን አንገቱ ላይ አስሬ ‹ገዝተሃል› እለዋለሁ? ነገሩ ገና አልወጣም። ባልወጣ ነገር ላይ መሐላ በምኑ ይቆማል?»

«እንዴ! እኔ ብዙ ነገር ተናግሬአለሁ!» አለ አጎቴ ከጋቢው ውስጥ።

«እውነት ነው» አለ ጎረቤታችን። ለማን እንዳለው እስከዛሬ አልታወቀም።

አባትየው ወደ አጎቴ ዞሩ። «ምን ተናገርክ? እስቲ ድገመው።»

«እንደሚታወቀው…» አለና አጎቴ ቆመ። አሰበ፤ ደግሞ አሰበ። «እንደሚታወቀው…»

የአባትየው ጢም ተንቀጠቀጠ። ሳቅ መሆኑን ያወቅኩት ቆይቼ ነው። ደግሞ ዓይናቸውን ብታዩ! ያ የድንበር ድንጋይ ክርክር ካለቀ ወዲህ እንዲያ በርቶ አያውቅም፣ ልጃቸው ናት የነገረችኝ።

«አባ፣ እርስዎ ምን ይላሉ? መሐላዬ ቆሟል፣ አልቆመም?»

አባታችን ሳይቸኩሉ መስቀላቸውን ከአንዱ እጅ ወደ ሌላው አዛወሩ። «መሐላ በነገር ላይ ነው የሚቆመው። የኛ ነገር ገና ከአፋችን አልወጣም። እርከን አልወጣም ብለው የማሉት ግን ጸንቷል፤ በዚያ አንገባም።»

«ታዲያ?» አሉ አባትየው።

ሰማችሁ? «ታዲያ» አሉ! እምቢ ሊል የቆረጠ ሰው «ታዲያ» አይልም። «ታዲያ» በር ገርበብ አድርጎ «ና» ማለት ነው። ልሳቅ ስል አፌን በባናዬ ያዝኩ።

ከዚያ አባታችን ወገባቸውን አቃንተው «እንግዲህ…» አሉና ዝም አሉ።

ያ ዝምታ ነው ሥራውን የሠራው። ውሻው እንኳ ተቀመጠ። ሽማግሌ «እንግዲህ» ብሎ ካቆመ እስካሁን የተባለው ሁሉ፣ እርከኑም መሐላውም የኔም ካብ ላይ መውጣት፣ ተጠቅልሎ ወደ ኋላ ይቀራል፤ የሚመጣውን ብቻ ነው ሰው የሚጠብቀው። አሁን ይህን ወረቀት ላይ በምን ላሳያችሁ? አስተማሪ የሆነ ወዳጄ ይህንኑ ሳነብለት «ጽሑፍ ላይ ‹እኮ›ና ‹እንግዲህ› ሲበዙ ይሰረዛሉ» አለኝ። «ስትናገርስ ለምን አትሰርዛቸውም?» ስለው «ስናገርማ እኮ…» ብሎ ጀመረና ራሱ ሳቀ። በቃ፣ አልሰረዝኩም።

«እንግዲህ» አሉ አባታችን ደግመው፣ «ደጅዎ የቆምነው ልጅዎን ለልጃችን እንዲሰጡን ነው።»

አባትየው የፈረሰውን ካብ አዩ፤ እኔን አዩ፤ ጓዳውን አዩ። «ዘመድ ሳላማክር መልስ የለኝም» አሉ። ይህ ግማሽ እሺ ነው፤ ማንም አባት በመጀመሪያው ቀን ሙሉውን አይሰጥም። ልፈነድቅ ስል ደግሞ «ብቻ…» አሉ።

ውርጩ ያን ጊዜ ነው አጥንቴ የገባው። «ብቻ» ክፉ ናት። ስንት የተቋጨ ገበያ «ብቻ የኋላ እግሩ…» ተብሎ ሲፈርስ አይቻለሁ።

«ብቻ ይሄ ልጅ እስከ ሰርጉ ቀን እኔ ፊት አፉን እንዳይከፍት። ከከፈተ የለሁበትም።»

እስከ ሰርጉ ቀን! ሰርግ አለ ማለት እኮ ነው! «እሺ» ልል አፌን ስከፍት አባታችን እግሬን በጫማቸው ረገጡኝ። አንገቴን ብቻ ነቀነቅኩ።

ያን ጾም እንዴት እንዳለፍኩት እኔና እግዚአብሔር እናውቃለን። አማቼ ሆን ብለው ገበያ ይመጡና «ለመሆኑ የዛሬ በግ እንዴት ነው?» ይሉኛል። እኔ ሰማይ አያለሁ። «ታዲያ መልስ የለህም?» ይላሉ። ጥርሴን ነክሼ በጉን እጠቁማለሁ። ካባቸውንም በዝምታ መልሼ ካብኩ። ባለሱቁ ሰውዬም ከፋሲካ በኋላ ሽማግሌ ሳይልክ ቀረ፤ ለሰርጋችን ግን ስኳር ላከ፣ ጨዋ ነው፣ አልዋሽም። አንዲት ቃል ሳይወጣኝ ሰርጌ ደረሰ።

ሚስቴ አሁንም «እዚያ ካብ ላይ ያስወጣህ እብደት ነው እንጂ ቃል አይደለም» ትላለች። እሷ ደግሞ ጓዳ ሆና ሸክላ ስትሰብር ምን ታያለች? አላምንም ያለ ይሂድና አባታችንን ይጠይቅ፤ ቄስ አይዋሽም። አጎቴን የሚጠይቅ ስንቅ ይያዝ፣ እስኪጨርስ ይመሻል። አማቼንም ጠይቁ፤ ብቻ ክርክር እንዳትጀምሩ፣ ወዲያው አይለቋችሁም። በዚያ ጠዋት በዚያ መንገድ ወደ ገበያ ይወርድ የነበረ ሰውም ሁሉ አለ፣ ቆሞ ነው ያየው። በሉ ሂዱ! የነበረ ሰው ይናገር።