አባቴ ድምፁ ሲዘጋ

እኛ ላሊበሎች ነን። ጎህ ሲቀድ ሰው ደጅ ቆመን የቤቱን ጌታ ከነዘሩ እናወድሳለን፤ የሰጡንን ተቀብለን፣ መርቀን እንሄዳለን። ዜማውን የተወ ይቆመጣል ይባላል። አባቴ የገዛ ወንድሙ ትቶ ጣቶቹን እንዳጣ ይነግረኝ ነበር።

ደርግ ከወደቀ በኋላ ከሰሜን ሸዋ መጥተን ራጉኤል ጀርባ አንዲት ክፍል ተከራየን። እናቴ ስለሞተች አባቴ ዜማውን ሲያወርድ የምቀበለው እኔ ነበርኩ። ሰው እንዳያውቀኝ ፊቴን በነጠላ እሸፍን ነበር።

ኋላ ሶማሌ ተራ ጨርቅ ሱቅ ተቀጠርኩ። ያን ዕለት ለአባቴ፣ «ከእንግዲህ አልወጣም» አልኩት። አልተቆጣም። ብቻውን መውጣት ጀመረ።

ብዙም ሳይቆይ ክንዴ ላይ ነጣ ያለ ነገር ወጣብኝ። ቁምጥና የያዘው ገላ አይሰማውም ስለሚባል በመርፌ ወጋሁት፤ አመመኝ። ማመሙን ግን አላመንኩትም። በዚያ ሙቀት እጅጌዬን ሳልሰበስብ ጨርቅ ስለካ እውል ነበር። በመጨረሻ ክሊኒክ ሄድኩ።

«ቋቁቻ ነው፤ ይኼን ቅባት ተቀቢ» አለኝ ሐኪሙ።

ጠፋልኝ። ከእንቅልፌ ስነሳ ግን መጀመሪያ የማየው ክንዴን ሆነ።

በዚያው ሰሞን የአባቴ ድምፅ ይቆራረጥ ጀመር። «ዛሬን ብቻ ተቀበይኝ» ሲለኝ እምቢ ማለት አቃተኝ። በርበሬ በረንዳ አጠገብ ወደሚኖሩ አንድ የመንዝ ሰው፣ የቅመም ነጋዴ ደጅ ሄድን። አያቴ የእኚህን ሰው አያት ያወድስ ነበር። አባቴ ጀመረና ድምፁ ተዘጋ። ከቆመበት እኔ ቀጠልኩ፤ አያትየውን፣ ቅድመ አያትየውን፣ በሙላት የተወሰደውን የቅድመ አያትየውን ወንድም ሳይቀር አነሳሁ።

ሽማግሌው ጋቢያቸውን እንደለበሱ በሩን ከፈቱ።

«ይኼን ማን ነገረሽ? እኔ ከአያቴ ወዲያ አላውቅም።»

«አባቴ ነው፣ ጋሼ።»

«እስቲ ድገሚልኝ፤ ልጆቼን ልቀስቅሳቸው።»

ልጆቹ ዓይናቸውን እያሹ ወጥተው ሰሙኝ። ሽማግሌው እንባቸውን ጠርገው ወደ አባቴ ዞሩ።

«ከእርስዎ በኋላ ማን ያውቀዋል?»

አባቴ መናገር ስላቃተው እጁን ትከሻዬ ላይ አሳረፈ። እጁ ከበደኝ፤ መሸሽ ፈለግሁ፤ ግን ቆምኩ።

በዓመቱ አባቴ አረፈ። እኔ ማለዳ ፊቴን ሸፍኜ በየደጁ እያወደስኩ፣ ኋላ ፊቴን ገልጬ ሱቅ እየገባሁ ኖርኩ። ሴት ልጅ ስወልድ አንድ ስንኝ እንኳ ላላስተምራት ለራሴ ማልኩ።

ልጄ ካደገች በኋላ አንድ ቅዳሜ ልብስ እያጠበች ያንኑ የሽማግሌውን ዘር ስታንጎራጉር ሰማኋት፤ ለካ ጎህ ሳይቀድ ስለማመድ ትሰማኝ ኖሯል። ተይ ልላት ወጣሁ። ቅድመ አያትየውን ዘለለቻቸው።

«ቆይ፣ አንድ ሰው ቀርቷል» አልኳትና ስማቸውን ነገርኳት።