ለመረብ ኳስ የተላኩ ሽማግሌዎች

ዩኒቨርሲቲ በገባሁ በመጀመሪያው ሳምንት፣ በጂሙ በር በኩል ሳልፍ ጫማ ወለሉ ላይ ሲጥ ሲጥ ሲል ሰማሁና ባለሁበት ቆምኩ። ያ ድምፅ ታላቅ እህቴን ሕይወትን፣ ቶሮንቶ ስካርቦሮ ሰፈር ያለውን አፓርታማችንን፣ ሁለት ዓመት ብቻ የቆየውን የአራት ኮሌጆች የመረብ ኳስ ሊግም መልሶ አመጣብኝ።

ያኔ የአራተኛ ክፍል ተማሪ ነበርኩ። ሕይወት ሃይስኩል ልትጨርስ ስትል ከቶሮንቶ ውጪ ያለ አንድ ትልቅ ኮሌጅ ለቡድኑ ፈልጓት፣ ማታ ማታ ኮሌጁ ስላለባት ከተማ እያወራችልኝ እንተኛ ነበር። በረዶው መቅለጥ ሲጀምር ግን ጋሽ ግርማ ወደ ቤታችን መጡ። አዲስ አበባ ለክለብ የተጫወቱ፣ እዚህ ደግሞ የአንድ ትንሽ ኮሌጅ የሴቶች ቡድን አሠልጣኝ ነበሩ፤ ትልቁ የኮሌጆች ሊግ ትናንሾቹን አላስገባም ስላለ፣ የሌሎች ሦስት ትናንሽ ኮሌጆችን አሠልጣኞች አሳምነው አዲስ ሊግ ሊጀምሩ ነበር። ሙሉ ልብስ የለበሱ ሁለት ሽማግሌዎች አስከትለው መጥተው፣ አባቴ ተቀመጡ ቢላቸው እምቢ አሉ።

«የመጣንበትን ሳንናገር አንቀመጥም» አሉ አንደኛው። «ልጅዎን ለግርማ ቡድን እንዲሰጡን ነው።»

«ጥሎሹስ?» አለች እናቴ ሳቋን አፍና።

«አምበልነት ነዋ» አሉ ጋሽ ግርማ። «እኔ እያለሁ ልጅቷ ሜዳ አታጣም።»

ሁሉም ሳቁ። አባቴ ግን ልቡ ተነክቶ ነበር፤ በዚህ አገር ሰው ፊቱ ቆሞ ለምኖት አያውቅም። እዚያው «ሰጥቻለሁ» አለ። ሕይወት ጥግ ላይ ተቀምጣ ጥፍሯን ትመለከት ነበር፤ ማንም አልጠየቃትም።

ቅጠል መርገፍ ሲጀምር ጨዋታው ተጀመረ። ቅዳሜ ቅዳሜ አባቴ ከሚሠራበት የዕቃ ማከማቻ ዌርሃውስ በቀጥታ፣ አንጸባራቂ የሥራ ሰደርያውን ሳያወልቅ ይመጣና አጠገቡ ለተቀመጠ ሰው ሁሉ «ያቺ አምበሏ የኔ ናት» ይል ነበር። ከአራቱ ጂሞች የአንዱ ጣሪያ ዝቅ ያለ ስለነበር ኳሱ የማሞቂያውን ቧንቧ በነካ ቁጥር ነጥቡ ይደገም ነበር፤ ከጨዋታ በኋላ እንግዶቹን ማብላት የባለሜዳው ድርሻ ስለሆነ፣ እናቴ በተራችን ሳምቡሳ ጠብሳ ተሸናፊዎቹንም አሸናፊዎቹንም ታበላ ነበር። በረዶው ሲበረታ ሕይወት ስለዚያች ከተማ ማውራት ተወች። ሊጉን ወደደችው።

በሁለተኛው ዓመት ቡድኗ ለፍጻሜ ደረሰ። ጨዋታው ሊደረግ ጥቂት ቀርቶት ልምምድ ሄዳ ወዲያው ተመለሰች፣ ቦርሳዋንም በሩ ሥር ጣለችው። ጋሽ ግርማ ትልቁ ሊግ ውስጥ ባለ ኮሌጅ ተቀጥረው፣ ሁለት ተጫዋቾች ይዘው ሄደዋል። አምበላቸውን አልወሰዱም፤ ለምን እንደሆነም አልነገሯትም። ኮሌጁ ያለ እሳቸው ቡድኑን ዘጋው፣ የቀሩት ሦስቱም ብቻቸውን ሊግ መሆን አቅቷቸው ተበተኑ፤ ፍጻሜውም በዚያው ቀረ።

አባቴ አላመነም። ጋሽ ግርማ ጋ ኮል ቢያደርግ ስልኩን አያነሱለትም ነበር፤ እሱ ግን ሽማግሌ ልኮ የወሰደ ሰው ሲመልስም ሽማግሌ ይልካል ብሎ፣ ያን ሰመር እሑድ እሑድ ኮቱን ለብሶ ሳሎን ተቀምጦ ይጠብቅ ነበር። አንድ እሑድ ሐበሻ ሱቅ ውስጥ ከሽማግሌዎቹ አንዱን አግኝቶ ቢጠይቃቸው፣ እሳቸው ቁሙ ተብለው የቆሙ እንጂ ዋስ እንዳልሆኑ ነግረውት ወጡ። ቤት መጥቶ ይህንን በቁጣ ሲያወራ ሕይወት እስኪጨርስ ጠበቀችው።

«አባዬ፣ ጋሽ ግርማን ተዋቸው» አለችው፣ ድምጿን ከፍ ሳታደርግ። «እሳቸው የለመኑ ናቸው። የሰጠኸኝ አንተ ነህ።»

አባቴ ኮቱን አውልቆ በጥንቃቄ ሰቀለው፤ ከዚያ በኋላ እሑድ ሲለብሰው አላየሁም።

አሁን ሕይወት ፋርማሲ ውስጥ ትሠራለች፣ ኳስ ከነካች ቆየች፤ ያ ሊግ እንደነበረ የሚያውቅ ሰውም ከቤታችን ውጪ አላጋጠመኝም። እኔ ዩኒቨርሲቲ ስመርጥ ሁለት ቦታ ተቀብለውኝ ተጨንቄ፣ አባቴን የቱ እንደሚሻል ጠይቄው ነበር። «አንቺ ታውቂያለሽ» አለኝ። እህቴን ማንም ሳይጠይቃት ተወሰነላት፤ እኔ ደግሞ ጠይቄም የሚመክረኝ አጣሁ። ጓደኞቼ ወላጆቻቸው በነገራቸው ሁሉ እየገቡ እንዳስቸገሯቸው ሲያማርሩ፣ አንዴ እቀናባቸዋለሁ፣ አንዴ ደግሞ ጥግ ላይ ተቀምጣ ጥፍሯን የምትመለከተው ሕይወት ትታወሰኛለች።