ቅቤ የተቀባው ዕጣ

ቀደርን፣ አላህ ለሰው የጻፈውን ዕጣ፣ ያወቅኩት ከኪታብ አይደለም፤ ቁርዓን ቤት ከፊደሉ አልፌ ብዙም አልሄድኩ። እኔ ያወቅኩት ከቅርጫ ነው። በእኛ አገር፣ ከከሚሴ ወረድ ብሎ ጨፋ ውስጥ፣ በሬ ታርዶ ሥጋው በየመደቡ ከተደለደለ በኋላ ሁሉም የየራሱን ምልክት ያዋጣል፤ አንዱ ጠጠር፣ አንዱ የማሽላ አገዳ ስባሪ። ጀርባውን ሰጥቶ የቆመ ሰው ምልክቶቹን ተቀብሎ በየመደቡ ላይ ይጥላል። የደረሰህን ይዘህ ትሄዳለህ፤ አጥንት በዛብኝ ማለት የለም። ቀደር ማለት ይኸው ነው ብዬ ያዝኩ፤ ለማንም የማያዳላ እጅ።

ኋላ ዕጣ ጣዩ እኔ ሆንኩ። አልቸኩልም፣ ጀርባዬን ከሰጠሁም ዞሬ አላይም። ሰው ለዚህ ያምነኝ ነበር።

በደርግ ጊዜ ለብሔራዊ ውትድርና ከመንደራችሁ አንድ ልጅ አውጡ ተባልን። ዕድሜው የደረሰ ልጅ ያለባቸው ቤቶች አምስት ነበሩ፤ አንዱ የገበሬ ማኅበሩ ሊቀመንበር ቤት ነው። ሽማግሌዎቹ ከምንጣላ እንደ ቅርጫው በዕጣ ይሁን አሉ፤ የሚያወጣውም እኔ።

በዋዜማው ቦርከና ወንዝ ዳር ለሶላት ዉዱእ ሳደርግ ሊቀመንበሩ መጣ። በየስብሰባው «ዕድል የሚባል ነገር የለም፤ የአድኃሪ ወሬ ነው» እያለ ጆሯችንን የሚያደነቁር ሰው ነው።

«ኦቦሌሳ» አለኝ፤ ወንድሜ ብሎኝ አያውቅም። «የእኔን ምልክት ቅቤ አስነካዋለሁ። እጅህን ካሟለጨው እለፈው።»

«ዕጣ እኮ ነው!»

«የወንድምህን ስም ከዝርዝሩ ያስቀረሁት እኔ ነኝ። ልመልሰው?»

ታጥቤ የጨረስኩትን እንደገና ታጠብኩ። ዝምታዬን እሺ ብሎ ይዞት ሄደ፤ አልተሳሳተም።

በማግስቱ አምስቱን ምልክት አንድ ሽማግሌ በቆቡ ይዞ ከኋላዬ ዘረጋልኝ። ቢስሚላህ ብዬ እጄን ሰደድኩ። ያንን ቢስሚላህ ሳስበው እስከ ዛሬ አፌ ይመረኛል። እጄ መጀመሪያ ያረፈው እዚያው ቅባታም ላይ ነው። ለቀቅኩት። አጠገቡ ያለውን አነሳሁ።

የሸሚዝ ቁልፍ ነበር።

«ኡኡ ልጄን!» አለች አንዲት ሴት። ጎረቤቴ ናት፤ ባሏ የሞተባት፣ የአንድ ልጅ እናት።

ሊቀመንበሩ ድምፁን ከፍ አድርጎ «የአላህ ቀደር ነው፤ ምን ይደረጋል!» አለ። ያ አፍ! ጣቴን በአመድ አሸሁ፣ በሎሚ አሸሁ፤ የሰነበተው ቅቤ ሽታ አልለቅ አለኝ። ዛሬም ሲሸተኝ ምግብ ትቼ እነሳለሁ።

ልጁ ከከሚሴ በጭነት መኪና ሄደ፤ አልተመለሰም። መርዶው በመጣ ቀን እናቱ እኔኑ ታጽናናኝ ጀመር።

«አንተ ምን አደረግህ ወንድሜ፤ ቀደሩ ነው። እጅህ ንጹሕ ነው።» ይህን ስትል እጄን ይዛው ነበር።

አንድ ዓመት ቻልኩ። ከዚያ ሄጄ ሁሉንም ነገርኳት፤ የወንድሜን፣ የቅቤውን፣ መጀመሪያ የነካሁት የማንን እንደነበር። ማሽላ እያበጠረች ነበር፤ ሰፌዱን አላስቀመጠችም።

«እና የተጻፈው ለዚያኛው ልጅ ነበር ትለኛለህ?»

«እኔ እንጃ። እጄ ግን እሱ ላይ ነበር።»

ማሽላውን ማበጠሯን ቀጠለች።

«ልጄን ሰው ሸጠብኝ ብዬ ልደር?» አለችኝ ኋላ። «ቀደር ነው ብዬ ነው እህል የምቀምስ። ይቺን እንኳ ተውልኝ። ለማንም አትንገር። አሁን ሂድልኝ።»

ሄድኩ። ለካ እኔ እንዲቀለኝ ብዬ፣ የቀረቻትን ልወስድባት ነበር የመጣሁት። ከቅቤውም ከሊቀመንበሩም ይልቅ የሚቀፈኝ ይሄ ነው። እሷ እስክትሞት ለማንም አልተነፈስኩም።

ዛሬም በዒድ ቅርጫ ዕጣ ጣል ይሉኛል። ዓይኔን ያመኛል እላለሁ።

«ጀርባህን ለምትሰጠው ዓይን ምን ያደርግልሃል አባ!» ይሉና ይስቁብኛል።

አብሬያቸው እስቃለሁ። እጄን ግን ከኪሴ አላወጣም።