ፀሐይ የበሳችው ገጽ

ወደ ይፋግ ያስኬደኝ አንድ ደብዳቤ ነው። ደብዳቤው ለእኔ አልተጻፈም። አማቴ እማማ ውብዓለም ለልጃቸው ለደምሴ፣ ማለትም ለባለቤቴ፣ በጎረቤት ተማሪ እጅ ያስጻፉት ነበር። «አባትህ ብዕሩን ሰቀለ» ይላል። «ዐይኑ እምቢ አለው። የጀመረው ዳዊት ሁለት የብራና ቅጠል ሲቀረው፣ እንፍራንዝ ያሉት ጸሐፊ ቅዳሜ መጥተው ወስደው ይጨርሱት ብሎ ላከባቸው። ከዚያ ወዲህ እህልም በወጉ አይቀምስ።»

የደምሴ አባት መሪጌታ ጥበቡ ቁም ጸሐፊ ናቸው፤ በመቃ ብዕር ብራና ላይ መጽሐፍ ሲጽፉ ነው የኖሩት። አንድ ሰው በጀመረው መጽሐፍ ውስጥ የሌላ ሰው እጅ ሲገባ ለጸሐፊው ምን ማለት እንደሆነ ደምሴ ሊያስረዳኝ ጀመረና ዐይኑ እንባ አቀረረ። እሱ በጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ፈረቃ ላይ ነው፤ ፈቃዱንም ጨርሷል። እኔ ግን እዚሁ ባሕር ዳር ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ፊዚክስ አስተምራለሁ፣ የግማሽ ዓመት ዕረፍት ላይም ነበርን። ስለዚህ እኔ ልሂድ አልኩ።

ስናገር የደፈርኩትን ያህል ልቤ አልደፈረም። በስድስት ዓመት ትዳር መሪጌታ በስሜ ጠርተውኝ አያውቁም። የጅማ ልጅ ነኝ፣ በዚያ ላይ እሳቸው «የዓለም ትምህርት» የሚሉትን አስተምራለሁ፤ ለእሳቸው «የደምሴ ሚስት» ነኝ፣ አለቀ። ከቤተ ሙከራችን ጠርዙ ተሸርፎ ከመዝገብ የወጣ፣ መሐሉ ወፍራም የሆነ፣ የትልቅ ስኒ አፍ የሚያህል ሌንስ ርእሰ መምህሩን ጠይቄ ወሰድኩና በሻሽ ጠቀለልኩት።

ረቡዕ

ከቀበሌ የይለፍ ወረቀቴን አስቀድሜ ይዤ ነበርና ገና ሳይነጋጋ አውቶቡስ ጣቢያ ደረስኩ። ወደ ጎንደር የሚሄደው መኪና ሲሞላ ፀሐይ ወጥታለች። ጣናን ነፋስ አልነካውም፤ የዳር ዛፎች አንዴ ወደ ላይ፣ አንዴ ወደ ታች ቆመዋል። ብርሃን በመጣበት ማዕዘን ልክ ይመለሳል እያልኩ በየዓመቱ ጥቁር ሰሌዳ ላይ ቀስት አሠምራለሁ። ጣና ይህንኑ ያለ ጠመኔ ያስተምራል ብዬ በራሴ ሳቅኩ።

የዓባይን ድልድይ አልፈን ብዙም ሳንርቅ ኬላ ላይ አስወረዱን። ጠመንጃ ያነገተ ሚሊሺያ ቦርሳዬን ከፍቶ ሻሹን ፈታ።

«ይኼ ምንድን ነው? የጦር መነጽር ነው?»

«አይደለም ጓድ፣ የትምህርት መሣሪያ ነው። ዐይናቸው ለደከመ አማቴ ነው የምወስደው። ይሞክሩት።»

ክንዱን ዘርግቶ ሌንሱን ወደ አውቶቡሱ ያዘው። ወዲያው ጮኸ። «ሁሉም ተዘቅዝቋል! የመኪናው ጎማ ላይ ነው፣ ሰዉም በራሱ ቆሟል!»

ከወረፋው መሐል አንድ ሽማግሌ «እሱማ ያለ መስታወቱም...» ብለው ጀመሩና ሚስታቸው ጎናቸውን ስለጎሰሟቸው ነገሩን በሳል ጨረሱት። ማንም አልሳቀም፤ ሁላችንም መሬት መሬት አየን። እኔ ቶሎ ብዬ ማስተማር ጀመርኩ፤ ከላይ የመጣው ጨረር ወደ ታች፣ ከታች የመጣው ወደ ላይ ሲያልፍ መንገድ ላይ ስለሚቋረጡ ነው ተዘቅዝቆ የሚታየው፣ ቢያስጠጉት ግን አይዘቀዝቅም አልኩ። አውራ ጣቱ ላይ አስጠጋው። ጥፍሩ አድጎ ታየውና ፊቱ ፈታ አለ።

«እናቴም ክር መርፌ ውስጥ ማስገባት ከተሳናት ቆይቷል» ብሎ መለሰልኝ። «ለሷም ይሆን ይሆን?»

«ስመለስ እነግርዎታለሁ» አልኩት።

ወረታ ላይ ለምሳ ቆምን። የአንድ ሐጂ ሻይ ቤት ገብቼ ሻይ በዳቦ ጠጣሁ፤ የጾም ቀን መሆኑን አይተው ሳልጠይቃቸው ወተቱን ከፊቴ አነሡልኝ። ርብ ወንዝ ስንደርስ ሾፌሩ ለሞተሩ ውኃ ሊቀዳ ቆመና እኔ እግሬን ልታጠብ ወረድኩ። ጠጠሩ ተለቅሞ የሚቆጠር ይመስላል። ልብስ የምታጥብ ሴት ከማዶ ጠራችኝ።

«ተይ እቴ! ቅርብ መስሎሽ እንዳትገቢ። ሲያዩት ጉልበት፣ ሲገቡበት ወገብ ነው።»

ይህቺ ሴት ብርሃን ከውኃ ወደ አየር ሲወጣ እንደሚታጠፍ፣ ስለዚህም የወንዙ ወለል ከፍ ብሎ እንደሚታይ ታውቀዋለች ማለት ነው፤ ስሙን ብቻ አልነገሯትም። አመስግኜ ዳር ላይ ታጠብኩ።

ይፋግ ስደርስ ዘጠኝ ሰዓት አልፏል። መሪጌታ ደጁን ጀርባ ሰጥተው፣ ግድግዳውን እያዩ ተቀምጠው አገኘኋቸው። ቀለም የሚይዙት ሁለቱ ቀንዶች ከጎናቸው ደርቀዋል።

«ማን ነው?»

«እኔ ነኝ አባባ። እንደምን ዋሉ?»

«እግዜር ይመስገን። የደምሴ ሚስት ነሽ?» ወደ በሩ ዞሩ። «እሱስ ቀረ?»

ሐሙስ

«እጄ ደኅና ነው» አሉኝ ጠዋት። «የከዳኝ ዐይኔ ነው። ሞራ ነው ብለውኛል። ሞራ ከሆነ እንግዲህ ያለቀለት ነው።»

የፈራሁትም ይህንኑ ነበር። ሞራ ከሆነ ብርሃኑ ገና በር ላይ ይታገዳልና ያመጣሁት ሌንስ ምንም አይረባም። ዐይናቸው በእርጅና የደከመ ብቻ ከሆነ ግን ብርሃኑ ይገባል፤ የሚሰበስበው ነው ያጣ። ይህን የምለይበት አንድ መንገድ አውቃለሁ። ጸሐፊ መስመር ከማሥመሩ በፊት የብራናውን ጠርዝ በወስፌ ነጥብ ነጥብ እያደረገ ይበሳል። ወስፌያቸውንና አንዲት ቁራጭ ብራና ለመንኩና አንድ ቀዳዳ በሳሁ።

«አንድ ዐይንዎን ይጨፍኑና በዚህች ይዩ» አልኳቸው፤ የጻፉትንም ቅጠል ፀሐይ ላይ አደረግሁላቸው።

«በዚህች? ቁንጫ በማታልፍባት?»

ልጅ እንደሚያባብል ሰው ፈገግ ብለው ቁራጯን ዐይናቸው ላይ ለጠፉ። ፈገግታው ጠፋ። እማማ ውብዓለም እጃቸው ሊጥ እንደሆነ መጥተው በር ላይ ቆሙ።

«መ» አሉ መሪጌታ ቀስ ብለው። «ይኼ መ ነው። የእኔ መ ነው! ወገቧን ጠበብ አድርጌ ነው የምጽፋት፤ እንደኔ የሚያደርጋት የለም።»

ሞራ አይደለም! ከእያንዳንዱ ፊደል ጨረር በየአቅጣጫው እንደሚወጣ፣ ያረጀ ዐይን ሁሉንም መሰብሰብ ሲያቅተው እንደሚደበዝዝበት፣ ቀዳዳዋ ግን ጥቂቱን፣ ቀጥ ብሎ የመጣውን ብቻ እንደምታሳልፍ ነገርኳቸው።

«ጠባቡ በር በይኛ» አሉ። ከዚያ ኮስተር ብለው «የእናንተ ትምህርት እግዜር የለም ይላል አሉ?» ሲሉ ጠየቁኝ።

«የእኔ ትምህርት ብርሃን ቀጥ ብሎ ይሄዳል ነው የሚለው አባባ።»

«ቀጥ ብሎ የሚሄድስ ደግ ነው። በዚህ ዘመን ያውም!»

ሌንሱን ሰጠኋቸው። ፊደሉ ሲያብጥላቸው እንደ ልጅ ሳቁ። ሳቁ ግን ብዕር እስኪያነሡ ድረስ ነበር። ቀኝ እጅ ብዕር ይይዛል፣ ግራ እጅ ብራናውን ይወጥራል።

«ሦስተኛ እጅስ ከየት ላምጣ?»

ክፍል ውስጥ አንዱ ተማሪ ሌንስ ሲይዝ ሌላው ይጽፋልና ይህ በሐሳቤ አልዞረም። እኔ ልያዝልዎት ብዬ ሞከርኩ፤ እጄ ሲንቀጠቀጥ ፊደሉ አብሮ ዋኘ። በራሴ ተናደድኩ። መላውን ያመጡት እማማ ውብዓለም ናቸው።

«እንደ ፋኖስ ብትሰቅሉትሳ?»

መሪጌታ የተቀደደ ብራና የሚሰፉበትን ጅማት አምጥተው የሌንሱን ዙሪያ በሦስት በኩል አሰሩና ከጣራው ክፈፍ ሥር ሰቀሉት። እኔ ከብራናው አንድ ስንዝር ያህል ከፍ እንዲል ለካሁ። ቀንዱ ውስጥ ውኃ ጠብ አደረጉ፣ ቀለሙን በጠበጡ፣ ጻፉ። እስከ እኩለ ቀን የመጀመሪያው ቅጠል አልቆ የመጨረሻው ተጀመረ።

ጸሐፊ ቀለሙ ሳይደርቅ ቅጠል አያነሣም፤ በአራቱም ማዕዘን ድንጋይ ጭኖ ባለበት ይተወዋል። ለምሳ ስንገባ የመጨረሻው ቅጠል እንዲሁ ከሌንሱ ሥር ቀረ። ያን ጊዜ ቦታው ጥላ ነበር። ሹሮውን ጨርሰን እጅ ስንታጠብ የተለበለበ ቆዳ ሸተተኝ። ሮጬ ወጣሁ። ፀሐይዋ ክፈፉን አልፋ በሌንሱ ገብታለች፤ ገና ያልተጻፈበትን የመጨረሻውን መስመር መጨረሻ በስታ ቀጭን ጭስ ይወጣል። በዚያ ቤት ሌንስ የፀሐይን ጨረር አንድ ቦታ ሰብስቦ እንደሚያቃጥል የምታውቅ እኔ ብቻ ነበርኩ። ፀሐይ ቦታ እንደምትቀይር ግን ረሳሁ!

መሪጌታ ቀዳዳውን በጣታቸው ዳሰሱት። «ከእጄ ይውጣ ብዬ ነበር። አልነገርሁም?» ብለው ተነሥተው ወደ ጓሮ ሄዱ። እኔ ደጃፉ ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ። እንፍራንዝ ያሉት ሰው ሊመጡ አንድ ቀን ቀርቷል፤ የተረፈ ብራና ደግሞ የለም።

ከቆይታ በኋላ ተመለሱና ቀድሞ የጻፏቸውን ቅጠሎች አምጥተው ፊቴ ዘረጉ።

«እዪ። ይኼ፣ ቆዳው የተገፈፈላት ፍየል በቁሟ ሳለች እሾህ ወግቷት የቀረ ቀዳዳ ነው። ይኼ ደግሞ ቆዳውን ስፍቅ በእጄ የቀደድሁት ነው። ፊደሉ ምን አደረገ?»

አየሁ። ፊደሉ ቀዳዳው ጋ ሲደርስ ከግራና ከቀኝ ከፈል ብሎ ያልፋል፤ ከዚያ መስመሩ ይቀጥላል።

«ብራና በቀዳዳው አይጣልም፤ ይዞሩታል» አሉ። ሌንሱን ቀና ብለው አዩት። «ይህን ያህል የሚያቃጥል ብርሃን ነው ያመጣሽልኝ? እንግዲያማ ለፊደል አያንስም። ነይ ተነሺ፣ ቀለም በጥብጪ።»

ከዚያ ሰዓት ጀምሮ መሪጌታ ከመቀመጫቸው ሲነሡ እማማ ውብዓለም ከየትም ብቅ ብለው ሌንሱን በእኔ ሻሽ ይሸፍኑታል።

ዓርብ

ቀኑን ሙሉ ጻፉ። ወደ አሥር ሰዓት ገደማ ጽሑፉ አለቀ፤ የቀረው ጸሐፊው ስሙን አስፍሮ ጸልዩልኝ የሚልበት ቦታ ነው። እሱም ልክ ቀዳዳው ዙሪያ ነበር። ብዕራቸውን አንሥተው ወደ እኔ ዞሩ።

«የክርስትና ስምሽ ማን ነው?»

ስድስት ዓመት ሙሉ ስሜን ያልጠሩ ሰው ናቸውና መጀመሪያ ሌላ ሰው የጠየቁ መሰለኝ። «ወለተ ሥላሴ» አልኩ።

ቀዩንም ጥቁሩንም ቀለም እየነከሩ ጻፉ። ግዕዝ አላውቅም፤ ምን አሉ ብዬ ለመጠየቅም አፈርኩ። ከዚያ ያቺን በወስፌ የበሳኋትን ቁራጭ አንሥተው የጻፉትን ገለበጡባትና «ይህን ለደምሴ ስጪው» አሉኝ።

ቅዳሜ

የእንፍራንዙ ጸሐፊ በጠዋት በበቅሎ ደረሱ። የሚወስዱት አልነበረም። ቅጠሎቹን አንድ በአንድ አገላብጠው፣ በሌንሱ ሥር ጎንበስ ብለው አዩና «ወንድሜ፣ እንኳን ቀደምኸኝ» ብለው መሪጌታን ትከሻቸውን ሳሙ። እኔን አውቶቡሱ ድረስ የሸኙኝ እማማ ውብዓለም ናቸው፤ መሪጌታ ደጃፉ ላይ ቆመው እጃቸውን አነሡልኝ።

ኬላው ላይ ያው ሚሊሺያ አወቀኝ። ከደብተሬ ወረቀት ቀድጄ በመርፌ ቁልፍ በሳሁለትና «እናትዎ በዚህች ቀዳዳ፣ ደጅ ደማቅ ብርሃን ላይ የተቀመጠ አንድ ነገር ይዩ» አልኩት። «ጥርት ብሎ ከታያቸው ዐይናቸው ተስፋ አለው፤ ሐኪም ቤት ወስደው መነጽር ያሠሩላቸው።» ወረቀቷን ከደረት ኪሱ መታወቂያው ውስጥ አስገባት። ቦርሳዬን ሳይፈትሽ አሳለፈኝ።

ከጉዞው የተማርኩትን ብጠየቅ፣ ክፍል ውስጥ የማስተምረው ብርሃን ትክክል ነው እላለሁ፤ ጉድለቱ የእኔ ነበር። ጨረሩን ሳሰላ የሰውዬውን ሁለት እጅ አላሰላሁም፣ የፀሐይዋንም መንገድ አልቆጠርኩም። የሞሉልኝ ወንዝ ዳር ልብስ የምታጥብ ሴት፣ ፋኖስ መስቀል የምታውቅ አማት፣ ቀዳዳ መዞር የሚያውቅ ጸሐፊ ናቸው።

ቤት ስደርስ ደምሴ ከፈረቃ ገብቶ ይጠብቀኛል። «ጨረሰ?» አለኝ ገና በር ላይ። ጨርሰዋል ብዬ ብራናዋን ሰጠሁት። አባቱ ግዕዝ ያስተማሩት በልጅነቱ ነው። አንድ ጊዜ በልቡ አነበበ፣ ቀና ብሎ አየኝ፣ ደግሞ አነበበ።

«ምን ይላል?»

በአማርኛ እየመለሰ አነበበልኝ። «ይህን ቀዳዳ የበሳችው ልጄ ወለተ ሥላሴ ናት። የምታነቡ ሁሉ አትቆጧት፤ ያየሁትም የጨረስሁትም በእሷ ነውና።»

«ደግመህ አንብበው» አልኩት።