ወጡን የቀመስኩ ቀን

ተራራው ላይ ባለው ጨነቅ ካምፕ ለቱሪስት ምግብ ሳበስል ዘጠኝ ዓመት ኖሬአለሁ። እዚያ ስሜ «ኩክ» ነበር። ክረምት ገብቶ ፈረንጅ ሲጠፋ ወደ ዳባት፣ አባቴ ቤት እወርዳለሁ። እዚያ ደግሞ ምን እንደምባል እንጃ። እርሻውን ታናሽ ወንድሜ ይዞታል፤ በሬዎቹም የእሱን ድምፅ እንጂ የእኔን አይሰሙም። ላግዝ ስነሳ «ተው፣ ትደክማለህ» ይለኛል። ሰው በገዛ ቤቱ ትደክማለህ ሲባል እንዴት እንደሚያቃጥል የደረሰበት ያውቀዋል።

አባቴ ሲሞት፣ የበኩር ልጅ ነህ ተብሎ ለእኔ የደረሰኝ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ በሚካኤል ማኅበር የነበረው ቦታ። የሐምሌ ሚካኤል ተራዬ ሆነ። የመንደሩ ሰው በአባቴ እግር መተካቴን የሚያየው ያን ቀን ነው ብዬ፣ ያለ ወጉ ማማሰያ ያዝኩ። እናቴ «ኧረ አንተ ልጅ፣ ወንድ ወጥ ሠራ ሲባል ሰው ምን ይላል?» ብትለኝም አልሰማኋትም። የማውቀው ሙያ ይኸው ነው፤ ሌላ ምን ላቅርብላቸው?

ሰዉ ተሰበሰበ። ቄሱ መስቀላቸውን ይዘው ሊባርኩ ተነሡ። እኔ ድስቱን መሶቡ አጠገብ አስቀምጬ ክዳኑን ከፈትኩና፣ እጄ እንደለመደው፣ በጭልፋው ጨለፍ አድርጌ ጨው ቀመስኩ። የሚካኤልን ዝክር፣ ሳይባረክ፣ ቄሱ እንደቆሙ! ቤቱ ጸጥ ማለቱ የገባኝ ጭልፋው አፌ ላይ እያለ ነው።

የተቆጣኝ የለም። ቢቆጡኝ ምንኛ በወደድኩ! ልጅ ሳለሁ ከዝክሩ ዳቦ ቁራሽ ብነካ፣ የማኅበሩ አለቃ፣ ሙሴ የምንላቸው ሽማግሌ፣ በከዘራቸው ባቴን ሾጥ ያደርጉኝ ነበር። ያን ቀን ግን ፈገግ ብለው፣ «ግድ የለም አባታችን፤ እንግዳ ነው፣ አያውቅም» አሉ። ሰዉም «እንዴታ፣ እንግዳ አይደል!» ተባባለ።

ወደ እናቴ ዞርኩ። እዚያው ጎጆ ውስጥ እንደወለደችኝ የምትመሰክርልኝ እሷ ብቻ ነበረች። ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛ፣ ከእፍረት ልታወጣኝ ብላ፣ «አዎ አባቶቼ፣ ይቅር በሉት፤ እንግዳ ነው» አለች።

ቄሱ ባረኩ፤ ተበላ። ወጡን ያመሰገነም ያማም አልነበረም። ሙሴው በልተው ሲጨርሱ፣ የአባቴን ቦታ ከዚያ ወዲያ ወንድሜ እንዲይዘው ተናገሩ፤ «አንተማ ሥራ አለብህ» አሉኝ በሐዘኔታ።

ወንድሜ ማስታጠቢያውን ይዞ ተነሣ። ከቄሱ ቀጥሎ፣ ሽማግሌዎቹን ሁሉ አልፎ፣ ወደ እኔ መጣ፤ ለእንግዳ እንደሚደረገው። እጄን ዘርግቼ ታጠብኩ።